ድምፅ የሚያቀምሰው ምግብ

ሻርሆልመን ገና ስትወለድ ነው የተሰደበችው። ከስቶክሆልም መሀል በስተደቡብ ምዕራብ ወዳለችው ወደዚህች ሰፈር ቀዩ የምድር ባቡር መስመር በ1967 ደረሰ (እዚህ የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው)። በዓመቱ፣ ሴፕቴምበር 8 ቀን 1968፣ የገበያ ማዕከሏ ወደ 4 ሺህ መኪና ከሚይዝ የማቆሚያ ሕንጻ ጋር ተመረቀ። በሁለተኛው ቀን ላርስ ኦሎፍ ፍራንዜን የተባለ ጸሐፊ በዳገንስ ኒሄተር ጋዜጣ ላይ «ሻርሆልመንን አፍርሱ!» የሚል ጽሑፍ አወጣ። ባጭሩ፣ ቦታው ለሰው አይሆንም ነበር ነገሩ። አፍራሽ አልመጣም። የስዊድን መንግሥት ከ1965 እስከ 1974 ባሉት ዓመታት አንድ ሚሊዮን ቤት ለመሥራት ከያዘው ዕቅድ የተወለደው ሰፈር ቆመ፤ እያደርም ከዓለም ማዕዘናት ሁሉ የመጣ ሰው ገባበት። ዛሬ ግራጫው አደባባይ ላይ አትክልትና ፍራፍሬ ተደርድሮ ይሸጣል፤ ሻጩም ገዢውም በየቋንቋው ይከራከራል።

በዚያ ዘመን የስዊድን ቴሌቪዥን አንድ ጣቢያ ብቻ ነበረው። ሁለተኛው የተጨመረው በ1969 ማብቂያ ላይ ነው። የውጭ አገር ፊልም ሲታይ ተዋናዩ በገዛ ቋንቋው ይናገራል፣ ትርጉሙ ከሥር ይጻፋል፤ ስዊድናውያን በዚህ ልማድ እስካሁን ይኮራሉ። በአገሩ ቋንቋ ድምፅ የሚሰጠው ማንበብ ለማይችል ሕፃን ብቻ ነው። ከ1960 ጀምሮ በየገና ዋዜማው ከሰዓት በኋላ በ9 ሰዓት የሚታየው የዲዝኒ ካርቱን ዝግጅት በቤንግት ፌልድራይክ ድምፅ ይተረካል፤ አገሩ በሙሉ ያን ድምፅ ካልሰማ ገና የገባ አይመስለውም። ለአዋቂው ግን ጽሑፍ ይበቃዋል ተባለ። ይህን የወሰነው ሰው ሽንኩርት እያቁላላ ቴሌቪዥን አይቶ አያውቅም ብዬ እጠረጥራለሁ። ከድስቱ ዓይኑን ማንሳት የማይችል ሰው ከቴሌቪዥን የሚደርሰው በጆሮው የሚገባው ብቻ ነው።

በኦገስት 1971 ሁለት ጃፓናውያን ስቶክሆልም ገቡ። አንደኛው የቶኪዮ ሙቪ ኩባንያ ኃላፊ ዩታካ ፉጂዮካ ነበር፤ ሁለተኛው የ30 ዓመቱ ሠዓሊ ሀያኦ ሚያዛኪ። የመጡበት ጉዳይ አንድ ነው፦ የአስትሪድ ሊንድግሬንን ፒፒ ሎንግስትሩምፕ ካርቱን ለማድረግ ፈቃድ መጠየቅ። ፒፒ በ1945 የታተመች፣ ያለ እናትና አባት ብቻዋን የምትኖር፣ ፈረስ የምታነሳ ባለቀይ ጸጉር ልጅ ናት። ወጥ ቤቷ ውስጥ ብስኩት ስትጋግር ሊጡን ወለሉ ላይ ትዳምጠዋለች፤ ቢያንስ 500 ብስኩት የሚጋግር ሰው ጠረጴዛ አይበቃውም ባይ ናት። ሚያዛኪ ለዚህች ልጅ ብዙ ሥዕል ሠርቶ ነበር። ፈቃዱ አልተገኘም። ሁለቱ ሰዎች የስቶክሆልምን አሮጌ ከተማና በባልቲክ ባሕር ላይ ያለችውን የቪስቢን ከተማ አይተው ባዶ እጃቸውን ተመለሱ።

ባዶ እጅ ማለቱ እንኳ ለፈቃዱ ነው። በቀጣዩ ዓመት፣ በ1972፣ ሚያዛኪና ጓደኛው ኢሳኦ ታካሃታ ብቻዋን ለምትኖር ባለቀይ ጸጉር ልጅ አንድ አባት ፓንዳና ልጁን ቤት አስገብተው «ፓንዳ ኮፓንዳ» የተባለውን አጭር ፊልም ሠሩ። በ1974 ደግሞ ታካሃታ በስዊስ ተራሮች ላይ የምታድገውን የሃይዲን ታሪክ በ52 ክፍል አቀረበ። አያትየው በእሳት ያቀለጠውን አይብ ዳቦ ላይ ሲያፈስላት ያየ የጃፓን ልጅ ሁሉ ያን አይብ ተመኘ። ሥዕል ነው፤ ሽታም ጣዕምም የለውም። ቢሆንም ሠዓሊዎቹ የመቅለጫውን ፍጥነት፣ የልጅቷን የጉንጭ ሙሌት፣ ከመጉረሷ በፊት ያለችውን ቅጽበት ለክተው ስለሳሉት ተመልካቹ ምራቁን ይውጣል። የኋለኛው የምግብ አኒሜ (የጃፓን ካርቱን) ሁሉ ሥሩ እዚህ ነው ብል የሚከራከረኝ ይኖራል፤ ይከራከረኝ።

የስቶክሆልሙ ጉዞም በ1989 ፍሬ አፈራ። ሚያዛኪ የሠራው የትንሿ ጠንቋይ የኪኪ ፊልም የሚካሄድባት የባሕር ዳር ከተማ ከስቶክሆልምና ከቪስቢ የተቀዳች ናት፤ ኪኪ ከቤቷ ወጥታ የምታርፈውም ዳቦ ጋጋሪ ቤት ነው። ለልጆች የተሠራ የስደት ፊልም ብዬ የማየው እሱን ነው። አንዲት የ13 ዓመት ልጅ ማንንም በማታውቅበት ከተማ ውስጥ ዳቦ በሚሸትበት ጣሪያ ሥር ትጠለላለች።

ያኔ ጃፓን ሀብታም ሆና ነበር። ገንዘብ ሲበዛ ስለ ምግብ ማውራትም ይበዛል። በ1983 የተጀመረው «ኦይሺንቦ» የተባለው የሥዕል ታሪክ ስለ ሩዝ አበሳሰልና ስለ ዓሣ አቆራረጥ ጋዜጠኞችን ያከራክር ነበር፤ በ1988 ወደ ቴሌቪዥን ገባ። ከእሱ አንድ ዓመት ቀድሞ በ1987 የወጣው «ሚስተር አጂኮ» ግን አዲስ ነገር አመጣ። የዳኝነቱ ሽማግሌ የዋናውን ልጅ ምግብ ሲቀምስ «ጣፋጭ ነው!» ብሎ ይጮኻል፣ ከአፉ ብርሃን ይወጣል፣ ምድር ይናወጣል። ከዚያ በኋላ የምግብ አኒሜ ያለዚህ መንቀጥቀጥ አልተሠራም ማለት ይቻላል።

ይህ ለምን አስፈለገ? በጦርነት ካርቱን ውስጥ ጡጫው ይታያል፤ ማን እንደወደቀ ማንም ይነግርሃል። ጣዕም ግን አይታይም። የሁለት ሰሃን ፍልሚያ ማን እንዳሸነፈ ተመልካቹ የሚያውቀው የቀመሰው ሰው ሲናገር ብቻ ነው። ስለዚህ በዚህ ዓይነት ፊልም ውስጥ ዋናው ድርጊት ንግግር ነው፦ ቀማሹ ዓይኑን ጨፍኖ፣ መጀመሪያ ምን እንደመጣ፣ ቀጥሎ ምላሱ ላይ ምን እንደቀረ፣ ቅመሙ ከየት እንደገባ ይተነትናል። ድምፁን ብታጠፋ የቀረህ የሚያለቅሱ ሰዎችና የሚበራ ሰሃን ነው። ከዚህ የተነሳ ከአኒሜ ሁሉ የምግቡን አኒሜ የሚሰማበት ቋንቋ ይበልጥ ይጠቅመዋል ወይም ይጎዳዋል።

አሁን ወደ ማኒላ እንሻገር። ፊሊፒናውያን በ1978 «ቮልቴስ ፋይቭ» የተባለውን የሮቦት ካርቱን በእንግሊዝኛ ተመለከቱ፤ ልጆቹ አበዱለት። በ1979 ፕሬዚዳንት ፈርዲናንድ ማርኮስ የመጨረሻዎቹ ጥቂት ክፍሎች ሲቀሩ አገዱት። የዚያ ትውልድ ሰው ዛሬም ያን ቅሬታ ያወራል። ያኔ የጃፓኑ ካርቱን የሚናገረው የትምህርት ቤትንና የቢሮን ቋንቋ ነበር። የወጥ ቤቱንና የጂፕኒ ታክሲውን ቋንቋ፣ ታጋሎግን፣ መናገር የጀመረው በ1990ዎቹ ነው። በ1996 «ማሪማር» የተባለው የሜክሲኮ ድራማ በታጋሎግ ድምፅ ሲቀርብ ከተማው ቀጥ አለ፤ ዋናዋ ተዋናይት ታሊያ ማኒላን ስትጎበኝ የተቀበላት ሕዝብ የንግሥት አቀባበል ነው ያደረገላት። ጣቢያዎቹ ትምህርቱን ወሰዱ፤ ካርቱኑም ተከተለ። «ዩ ዩ ሃኩሾ» «ጎስት ፋይተር» ተብሎ ሲተረጎም ዋናው ልጅ ዩሱኬ ዩጂን ሆነ፣ ጓደኛው ኩዋባራ አልፍሬድ ሆነ። ዩጂንና አልፍሬድ በየመንደሩ የሚጠሩ ስሞች ናቸው። ንጹሕ አተረጓጎም የሚወዱ ሰዎች ይህን ሲሰሙ ይከፋቸዋል፤ እኔ ግን የጎረቤት ልጅ ያደረጉት ሆን ብለው ነው እላለሁ።

በዚህ በር ነው የቻይናው ልጅ አብሳይ የገባው። ኤትሱሺ ኦጋዋ በ1995 መሳል የጀመረው ታሪክ በ1997 እና በ1998 በኒፖን አኒሜሽን 52 ክፍል ሆኖ ተሠራ፤ ፊሊፒንስ ውስጥ የሚታወቀው «ኩኪንግ ማስተር ቦይ» በሚለው ስሙ ነው። ዘመኑ 19ኛው ክፍለ ዘመን፣ አገሩ ቻይና ነው። ማኦ የሚባለው የ13 ዓመት ልጅ በሲቹዋን የታወቀች ወጥ ሠሪ እናቱን ያጣል፤ ምግብ ቤቷን ሊነጥቅ ከመጣው የቀድሞ ተማሪዋ ጋር በማፖ ቶፉ ይፋለማል፤ ከዚያ ልዩ ማዕረግ ያለው ወጥ ሠሪ ለመሆን አገር ለአገር ይዞራል። ክዳኑ ሲነሳ ከሰሃኑ ወርቃማ ብርሃን ቦግ ይላል። በታጋሎግ የተናገረው ይህ ልጅ በተደጋጋሚ ታይቷል፤ ከትምህርት ቤት ተመልሶ ምሳውን በሰሃን ይዞ ያልተመለከተው የዚያ ዘመን ልጅ ጥቂት ነው።

ፍቅሩን ከጣዕም በላይ ያደረገው ምንድን ነው? በእኔ ግምት የእናቲቱ ነገር ነው። ፊሊፒንስ በ1974 ባወጣችው የሠራተኛ ሕግ ዜጎቿን ወደ ውጭ አገር ሥራ መላክን የመንግሥት ጉዳይ አደረገችው። በዚያ ምክንያት እናቱ ሆንግ ኮንግ ወይም ሪያድ የሰው ቤት ስታበስል፣ እሱ በአያቱ እጅ የሚያድግ ልጅ ብዙ ነው። ማኦ የእናቱን እጅ በምላሱ እያስታወሰ፣ የጎደለውን ቅመም እየፈለገ ሲንከራተት፣ ያም ንግግር በአያቱ ቋንቋ ሲሰማ፣ ቻይናና 19ኛው ክፍለ ዘመን ርቀታቸው ጠፋ። አያቲቱም ሩዙን እየለቀመች ታዳምጣለች። ከሥር የተጻፈ ትርጉም ቢሆን ኖሮ ልጁ ብቻውን ያየው ነበር።

ሁለተኛው ማዕበል የዳቦው ነው። ታካሺ ሃሺጉቺ በ2002 የጀመረው «ያኪታቴ ጃፓን» ከ2004 እስከ 2006 በ69 ክፍል በጃፓን ታየ፤ ወደ ፊሊፒንስም በትልቁ የቴሌቪዥን ጣቢያ በኤቢኤስ-ሲቢኤንና የጃፓን ካርቱን በታጋሎግ ያቀርብ በነበረው በሂሮ ቲቪ ገባ። ካዙማ አዙማ የሚባል የገጠር ልጅ እንደ ፈረንሳይና እንደ ጀርመን ሁሉ ጃፓንም የራሷ የምትለው ዳቦ እንዲኖራት ይነሳል። ልዩ ስጦታው እጁ ነው፦ ሞቃት «የፀሐይ እጆች» አሉት፤ ሲያቦካ ሊጡ ቶሎ ይነሳል። ሳይንሱ ከባዶ አልተነሳም፤ እርሾ ሙቀት ሲያገኝ ይፈጥናል። ቅቤ የሚታጠፍበት ሊጥ ሲሆን ግን ያው የሞቀ እጅ ጠላት ነው፤ ቅቤው ይቀልጣል።

አዙማ መጀመሪያ ላይ ዳቦ የሚጋግርበት ዕቃ የሩዝ መቀቀያ ነው። ኦቨን የሌለበት፣ የሩዝ መቀቀያ ግን የማይጠፋበት ቤት ውስጥ ላለ ተመልካች ይህ ትልቅ ዜና ነው፤ እቃው ከጠረጴዛው ላይ አለ። ቀማሾቹ ደግሞ ከሚስተር አጂኮ ሽማግሌ ብሰዋል፤ ዳቦ ጎርሰው ገነት ደርሰው ይመለሳሉ። ቀልዱ ግማሹ የጃፓንኛ የቃላት ጨዋታ ስለሆነ በቀጥታ ቢተረጎም ይሞታል። የታጋሎጉ ተርጓሚዎች በራሳቸው አገር ቀልድ ተኩት፤ ሰው በሳቅ ፈረሰ።

ወደ ስቶክሆልም ልመለስ፤ እዚህም የቋንቋ ጉዳይ እየበሰለ ነበርና። በ1987 የዘመን መለወጫ ዋዜማ ቲቪ3 ከለንደን በሳተላይት ወደ ስዊድን ማሰራጨት ሲጀምር የመንግሥቱ ጣቢያ ብቸኝነት አበቃ። ዲሽ ግን ለስዊድንኛ ብቻ አልሆነም። በ1990ዎቹ በየዳርቻው ሰፈር በረንዳ ላይ የተሰቀለው ዲሽ አረብኛ፣ ቱርክኛ፣ ፋርስኛ ይጎትት ነበር። አከራዮች አልወደዱትም፤ ፖለቲከኞችም «ፊታቸውን ወደመጡበት አዞሩ» አሉ። በስቶክሆልም ሰሜን በሪንከቢ ከኢራቅ የመጡ አንድ ቤተሰብ ዲሻችሁን አውርዱ ሲባሉ እምቢ አሉና ከተከራዩት ቤት ተባረሩ። ነገሩ ስትራስቡርግ ደረሰ። ዲሴምበር 16 ቀን 2008 የአውሮፓ የሰብአዊ መብት ፍርድ ቤት ስዊድን መረጃ የማግኘት መብታቸውን ጥሳለች ብሎ ፈረደላቸው። ከፍርዱ ውስጥ እኔን የሚማርከኝ አንድ ነጥብ ነው፦ መብቱ የፖለቲካ ዜናን ብቻ አይመለከትም፣ የባህልና የመዝናኛ ዝግጅትንም ይጨምራል ተባለ። በገዛ ቋንቋ ድራማ ማየት፣ ካርቱን ማየት፣ ወጥ ሲሠራ ማየት በሕግ ፊት ቁም ነገር ሆነ።

የምግብ ቴሌቪዥንን ስናነሳ ማርከስ ሳሙኤልሰንን ማለፍ አይቻልም። ኢትዮጵያ ተወልዶ፣ እናቱን በሳንባ ነቀርሳ አጥቶ፣ ከእህቱ ጋር በስዊድን ቤተሰብ በማደጎ ጎተንበርግ ያደገው ይህ ሰው ማብሰልን የተማረው ከስዊድናዊት አያቱ ከሄልጋ ነው። በ2010 በአሜሪካ «ቶፕ ሼፍ ማስተርስ» ውድድር አሸነፈ፤ በ2023 አዲስ አበባ ላይ «ማርከስ አዲስ»ን ከፈተ። እዚያ ውድድር ላይም ያው ነው፤ ዳኞቹ ይቀምሳሉ፣ ሚሊዮኖች ያዳምጣሉ።

በ2014 ደግሞ አንድ የቆየ ዕዳ ተከፈለ። ያልተሠራችው የፒፒ ሥዕሎች በጃፓን መጽሐፍ ሆነው ታተሙ፤ በዚያው ዓመት የሚያዛኪ ልጅ ጎሮ ሚያዛኪ የሊንድግሬንን «ሮንያ» ለጃፓን ቴሌቪዥን በካርቱን አቀረበ። ሊንድግሬን በ2002 ስላረፈች አላየችውም። በቀጣዩ ዓመት «ሾኩጌኪ ኖ ሶማ» በቴሌቪዥን ተጀመረና የምግብ አኒሜን ለአዲስ ትውልድ አስተዋወቀ።

የእኛ «ማሪማር» የመጣው በ2016 ነው። ቃና ቴሌቪዥን የውጭ ድራማዎችን አዲስ አበባ ላይ በአማርኛ ድምፅ ሰጥቶ ማሠራጨት ሲጀምር፣ ማኒላ ላይ የሆነው ሁሉ ከሃያ ዓመት በኋላ ተደገመ። የቱርኩ «ጥቁር ፍቅር» በሚታይበት ሰዓት እንግዳ መሄድ ነውር ሆነ። የአገር ውስጥ ባለሙያዎች ገበያችንን ዘጋብን፣ ባህላችንን በረዘ ብለው ተቃወሙ። ስጋታቸው ከንቱ አልነበረም፤ ተርጉሞ ማሳየት አዲስ ከመሥራት ይረክሳል። ቢሆንም ለዓመታት ዲሽ ገዝቶ በማይገባው ቋንቋ የአረብ ጣቢያዎችን ያይ የነበረው ቤት ለመጀመሪያ ጊዜ ምን እንደሚባል ሰማ፤ ቡና እየቆላ፣ ልጅ እያጠበ ሰማ። ከንፈርና ድምፅ ባይገጥምም ማንም አልተጨነቀም። በፊሊፒንስም አልተጨነቁም።

ማኒላ ላይ ግን ክፉ ቀን መጣ። ሜይ 5 ቀን 2020፣ ሰው ሁሉ በኮሮና ቤቱ በተዘጋበት ወቅት፣ ኤቢኤስ-ሲቢኤን የማሠራጫ ፈቃዱ ስላለቀ ከአየር ወረደ፤ በጁላይ የምክር ቤቱ ኮሚቴ እድሳቱን ከለከለ። ከዚያ ቀደም ብሎ፣ በ2019፣ የማኦ ታሪክ በአዲስ ሥዕል እንደገና መሠራት ጀምሮ ነበር። ትልቁ ጣቢያ ሲዘጋ ተመልካቹ ወደ ስልኩ ዞረ።

ሻርሆልመን ውስጥም ልጆቹ አኒሜውን የሚያዩት በስልክና በኢንተርኔት ነው፤ የግርጌው ጽሑፍ እንግሊዝኛ ወይም ስዊድንኛ ነው። እንደ ማኒላው ተርጓሚ የሚከፈለው ሰው በሌለበት ቤት ተርጓሚው ልጁ ነው። የማውቃቸው አንድ ቤተሰብ አሉ። እናትየው በክረምት ከሊጥ ጋር ትግል ላይ ናት። ውጭው በረዶ ነው፤ በአዲስ አበባ በሁለት በሦስት ቀን ኩፍ የሚለው የጤፍ ሊጥ እዚህ ፈዞ ይቀመጣል። ከማሞቂያው ቧንቧ አጠገብ ታስጠጋዋለች፣ ኦቨን ውስጥ አስገብታ መብራቱን ብቻ ታበራለታለች፣ በብርድ ልብስ ትጠቀልለዋለች። እንጀራው ዓይን ካላወጣ ቀኑ ሙሉ ተበላሸ ማለት ነው።

አንድ ቅዳሜ የ12 ዓመት ልጇ ወጥ ቤቱ ጠረጴዛ ላይ ተቀምጦ ያኪታቴ ጃፓንን ያያል። እሷ ምጣዱ ፊት ናት። ልጁ እያነበበ ወደ አማርኛ ይገለብጥላታል፤ ቀማሹ ሲያለቅስ ድምፁን ቀይሮ ያለቅስላታል፣ ክፉው ሰው ሲናገር ያጎረንናል። ስለ ፀሐይ እጆቹ በነገራት ጊዜ አክንባሎውን አንስታ አዳመጠችው።

«እጁ ሞቃት ስለሆነ ሊጡ ወዲያው ይነሳል እማዬ» አላት።

«ወዲያው?»

«ወዲያው።»

«እጁ ቢሞቅ ደግ ነው» አለች እንጀራውን ወደ ሰፌዱ እየገለበጠች፣ «አብሲቱንስ መቼ ጣለው? እስቲ መልሰህ እየው።»

ልጁ ፊልሙን ወደ ኋላ መለሰና መፈለግ ጀመረ።